ሉት ከደረደረ በኋላ የሚቀረው ሥራ

ስካይሪም የሚባለውን የኮምፒውተር ጌም ሞድ አድርጎ፣ ማለትም ሌሎች ተጫዋቾች የሠሯቸውን ተጨማሪዎች (ሞዶች) ጭኖበት የሚጫወት ሰው ይዋል ይደር እንጂ እዚህ ጥያቄ ላይ ይደርሳል። «ሎድ ኦርደሬን ሉት ደርድሮልኛል። ቀይ ማስጠንቀቂያ የለም። ታዲያ ጌሙ ለምን ይቀውሳል?» ሎድ ኦርደር ሞዶች የሚጫኑበት ተራ ነው፤ ሉት ደግሞ ያንን ተራ በራሱ የሚደረድር ፕሮግራም።

እኔ የምጫወተው በፈረንጆቹ 2016 የወጣውን ስፔሻል ኤዲሽን ነው። የ2011ዱ ስካይሪም 32 ቢት ስለነበር ሞድ ሲበዛበት ሜሞሪ ያጥረውና ይወድቅ ነበር። ይኼኛው 64 ቢት ነው፤ ብዙ ይሸከማል። ስለዚህ አሁን ጌሙን የሚያበላሸው ብዙውን ጊዜ የሞዶቹ ብዛት ሳይሆን አለመስማማታቸው ነው። ሁለት ሞዶች አንድ ነገር ላይ እጃቸውን ያስገባሉ። አንዱ ያሸንፋል። የተሸነፈው ግን ሙሉ በሙሉ አይጠፋም፤ ግማሹ ሌላ ቦታ ይቀራል። ጣጣው ያለው እዚያ ላይ ነው። አሠራሬን ያደራጀሁትም ይህን ግጭት መጫወት ከመጀመሬ በፊት ለማየት ነው።

መነሻው ንጹህ ጌም ነው። ጌሙን ከፕሮግራም ፋይልስ አውጥቼ ሌላ ድራይቭ ላይ ጫንኩት። እዚያ ውስጥ ከሆነ ዊንዶውስ በየጊዜው ፈቃድ እየጠየቀ ያስቸግራል። ጌሙ በሚገዛበትና በሚወርድበት በስቲም ላይ ደግሞ አፕዴት የሚያወርደው ጌሙን ከስቲም ስከፍት ብቻ እንዲሆን አስተካከልኩ። ከዚያ በኋላ ከስቲም ከፍቼው አላውቅም፤ ሁልጊዜ የምገባው በኤስኬኤስኢ ነው። ኤስኬኤስኢ ጌሙ በራሱ የማይፈቅደውን ነገር ለሞዶች የሚከፍት ሶፍትዌር ነው። ለያዛችሁት የጌም ቨርዥን የተሠራው መሆን አለበት። በ2021 የአኒቨርሰሪ ኤዲሽን አፕዴት ሲመጣ በኤስኬኤስኢ የሚሠሩ ሞዶች በጅምላ ተሰበሩ። ዛሬም ቨርዥን 1.5.97ን የሙጥኝ ያለ ተጫዋች የምታገኙት ለዚህ ነው።

ሞዶቹን የማስተዳድረው በሞድ ኦርጋናይዘር 2 ነው። እያንዳንዱን ሞድ በየራሱ ፎልደር ያስቀምጣል። ጌሙ ሲከፈት ብቻ ሁሉም ዳታ ፎልደር ውስጥ እንዳሉ አድርጎ ያሳየዋል፤ ዋናው የጌም ፎልደር አይነካም። ቮርቴክስ የሚባለውን ሌላ የሞድ ማስተዳደሪያ የለመደ ሰው በዚያው ቢቀጥል አልቃወምም። እኔን የሳበኝ ሁለቱ ዝርዝሮች ጎን ለጎን መታየታቸው ነው።

በግራ ያለው የፋይሎች ተራ ነው። ቴክስቸር (የነገሮች ገጽ ምስል)፣ ሜሽ (ቅርጻቸው)፣ ድምፅ፣ ስክሪፕት እዚህ ይገባሉ። ሁለት ሞዶች አንድ ዓይነት ስም ያለው ፋይል ካላቸው ከታች የተቀመጠው ያሸንፋል። ከስሙ አጠገብ ትንሽ የመብረቅ ምልክት ትመጣለች። አረንጓዴ መደመር ካላት ይህ ሞድ የሌላውን ፋይል ሸፍኗል ማለት ነው። ቀይ መቀነስ ካላት ደግሞ ተሸፍኗል።

በቀኝ ያለው የፕለጊኖች ተራ ነው። በኢኤስኤም፣ በኢኤስፒ ወይም በኢኤስኤል የሚያልቁት ፋይሎች ማለት ነው። በውስጣቸው ያለው ሬከርድ ነው፦ ሰይፉ ምን ያህል ይጎዳል፣ ነጋዴው ምን ይሸጣል፣ በሩ ወዴት ያስገባል። ሉት የሚደረድረው ይህንን የቀኙን ብቻ ነው። ግራው የእናንተ ጉዳይ ነው።

ይህ ልዩነት ምን ያህል እንደሚያስቸግር ያየሁት በአክስቴ ልጅ ኮምፒውተር ላይ ነው። አንድ ምሽት ስክሪንሾት ላከልኝ። ሊዲያ ናት፤ ዋይትረን በምትባለው ከተማ ገዢው ያርል አጃቢ አድርጎ የሚሰጠን። እጇ ደህና ነው። አንገቷ ደህና ነው። ፊቷ ግን ከአገጯ ጀምሮ አመድማ ጥቁር ሆኗል፤ አንገቷ ላይ መስመሩ ቁልጭ ብሎ ይታያል።

«ሉት እኮ ምንም አላለኝም» አለኝ።

«ሉት ምን ይበልህ? ግራህን አሳየኝ» አልኩት።

ነገሩ ወዲህ ነው። ስካይሪም ውስጥ የአንድ ሰው ፊት ሁለት ቦታ ይቀመጣል። ፕለጊኑ ውስጥ ያለው ሬከርድ የትኛው ፀጉር፣ የትኛው ዓይን፣ ምን ዓይነት የቆዳ ቀለም እንደሆነ ይናገራል። ተሠርቶ ያለቀው ፊት ደግሞ ፌስጄን የሚባል ፎልደር ውስጥ ራሱን የቻለ ፋይል ነው። ሁለቱ መግጠም አለባቸው። የአክስቴ ልጅ ሊዲያን የሚያሳምሩ ሁለት ሞዶች ጭኗል። በቀኝ አንደኛው አሸነፈ። በግራ ሌላኛው አሸነፈ። ጌሙ የአንዱን ሬከርድ ከሌላው ፊት ጋር ሊያገጥም ሲል አልሆነለትም፤ ፊቷ ጠቆረ። መፍትሔው ደቂቃ አልፈጀም። በቀኝ ያሸነፈውን ሞድ በግራም ወደ ታች አወረድነው። ገብቶ ሲያያት ሊዲያ ተመልሳለች።

ከዚያ ወዲህ የሰው ፊት የሚነኩ ሞዶችን በግራም በቀኝም በአንድ ዓይነት ተራ ነው የማስቀምጣቸው። ለአንድ ሰው ብቻ ሌላ ፊት ከፈለግኩ ሞድ ኦርጋናይዘር አንዲት ፋይል ለይቶ መደበቅ ይችላል።

ሌላም ነገር አለ። አንዳንድ ሞድ ፋይሎቹን ቢኤስኤ በሚባል ጥቅል አስሮ ይመጣል። ሌላው ፋይሎቹን ፈትቶ ይበትናቸዋል። የተበተነው የታሰረውን ሁልጊዜ ያሸንፋል፤ ፕለጊኑ የትም ይሁን የት። «ከታች አድርጌው ለምን አልሠራም?» የሚለው ጥያቄ ብዙ ጊዜ መልሱ ይኸው ነው።

አሁን ወደ ሬከርዱ እንምጣ። ሁለት ፕለጊኖች አንድ ሬከርድ ከነኩ መጨረሻ የተጫነው ያሸንፋል። የሚያሸንፈውም በጠቅላላው ነው፤ መስመር በመስመር አይደለም። ኋለኛው ኑዛዜ የፊተኛውን እንደሚሽረው ነው። ጌሙ ሁለቱን አንብቦ አያስታርቅም።

የብረት ሰይፍን እንውሰድ። በዋናው ጌም ጉዳቷ 7፣ ክብደቷ 9፣ ዋጋዋ 25 ነው። አንድ የውጊያ ሞድ ጉዳቷን 10 አደረገ እንበል። ሌላ ሞድ ደግሞ ክብደቷን ወደ 4 አወረደ፤ ጉዳቷን አልነካም፣ እንደነበረ 7 ብሎ ተወው። የክብደቱ ሞድ ከኋላ ከተጫነ ቀለል ያለች ግን ጉዳቷ 7 የሆነ ሰይፍ ታገኛላችሁ። የውጊያው ሞድ ከኋላ ከሆነ ደግሞ ጉዳቷ 10፣ ክብደቷ 9። ሁለቱንም የሚሰጣችሁ ተራ የለም። ሉት ላይ ሺህ ጊዜ ደርድር ብትሉት አይመጣም።

የሚያስፈልገው ፓች ነው፤ ሁለቱን የሚያስታርቅ ትንሽ ተጨማሪ ፕለጊን። እኔ የምሠራው የፕለጊኖችን ሬከርድ ከፍቶ በሚያሳየው በኤስኤስኢኤዲት ነው። መጀመሪያ ሲከፈት ያስፈራል፤ በግራ ዛፍ የመሰለ ዝርዝር፣ በቀኝ ሰንጠረዥ። ግን አነባበቡ ቀላል ነው። አንዱን ሬከርድ ስትነኩ እሱን የሚነኩት ፕለጊኖች በሙሉ ጎን ለጎን ዓምድ ሠርተው ይመጣሉ። በግራ ጫፍ ዋናው ጌም፣ በቀኝ ጫፍ አሸናፊው። ግጭት ያለበት መስመር ቀይ ይሆናል። ሰይፏን አሸናፊው ዓምድ ላይ ይዤ ወደ አዲስ ፕለጊን እገለብጣታለሁ። ከዚያ ከውጊያው ሞድ ዓምድ ላይ 10ን በማውስ ጎትቼ አዲሱ ዓምድ ላይ እጥላለሁ። አለቀ። ጉዳት 10፣ ክብደት 4።

ቀይ ያየ ሁሉ መደንገጥ የለበትም። አንድ ሞድ ሆን ብሎ ሌላውን ቢሽር ያም ቀይ ነው፤ ተገቢ ቀይ። እኔ ግጭት ያለባቸውን ብቻ አጣርቼ አወጣና ሦስት ነገር ላይ እቆያለሁ፦ ሰዎች፣ የጦር መሣሪያና ጥሩር፣ እንዲሁም ሴል የሚባሉት የቤትና የዋሻ ውስጥ ቦታዎች። ሴል ላይ የብርሃን ሞዶች ከባድ ናቸው። የክፍሉን ብርሃን ለመቀየር ሙሉውን ሬከርድ ይዘው ይመጣሉ። እግረ መንገዳቸውን ኦፊሻል ያልሆነው ታዋቂው የስህተት ማረሚያ ፓች ያስተካከለውን ይሽራሉ። ድንጋይና ሣር ላይ ግን ጊዜ አላጠፋም። ዛፏ አንድ ክንድ ወደ ግራ ብትሄድ ማን ያያታል?

ሌቭልድ ሊስት ግን በእጅ አይገፋም። ጠላት ኪሱ ውስጥ ምን እንደሚይዝ፣ ሳጥን ውስጥ ምን እንደሚገኝ የሚወስኑት ዝርዝሮች ናቸው። አዲስ መሣሪያ የሚጨምር ሞድ ሁሉ ይነካቸዋል፤ የመጨረሻው የሌሎቹን ሁሉ ያጠፋል። ለዚህ ራይ ባሽ የሚባለው ፕሮግራም የሚሠራውን ባሽድ ፓች እጠቀማለሁ። ዝርዝሮቹን በራሱ ያዋህዳቸዋል። ሞድ በጨመርኩ ቁጥር እንደገና አሠራዋለሁ።

ሉትን እያጣጣልኩ እንዳይመስላችሁ። ማስተሩ፣ ማለትም የሚደገፍበት ሌላ ፕለጊን፣ የጎደለ ፕለጊን ካለ ይነግራል፤ ያንን ሳታዩ ከከፈታችሁ ጌሙ ሜኑ ላይ እንኳ ሳይደርስ ይወድቃል። መጽዳት ያለበትን ፕለጊንም ይጠቁማል። አንድ ሞድ ከዓለሙ ላይ አንድ ዕቃ ጨርሶ ከሰረዘና ሌላ ሞድ ያንን ዕቃ ከፈለገው ክራሽ ይመጣል። ኤስኤስኢኤዲት በአንድ ክሊክ ያጸዳዋል። ሉት የማያውቀው እኔ ምን እንደምፈልግ ነው። ሁለት ሞዶች አንድ ከተማ ላይ ሲጣሉ የትኛውን እንደምመርጥ ከየት ያምጣው?

ስለ ቁጥር ገደቡም ልበል። ሙሉ ፕለጊን የሚይዘው ቦታ 254 ብቻ ነው። ከዚያ በላይ ላይት ፕለጊን የሚባሉት አሉ፤ ሁሉም አንድ ቦታ ተጋርተው እስከ 4096 ይደርሳሉ። ኢኤስፒ የሆነ ትንሽ ሞድ ስሙን ሳይቀይር በኤስኤስኢኤዲት ላይት ተብሎ ምልክት ሊደረግበት ይችላል። ግን የሚደረገው አዲስ ጨዋታ ከመጀመሩ በፊት ነው። ምልክቱ የዕቃዎቹን መለያ ቁጥር ስለሚቀይር ሴቩ (የተቀመጠው ጨዋታ) ውስጥ ያለው ሰይፍ ባለቤት አልባ ይሆናል።

ሴቭን ካነሳን ዘንድ፣ በጨዋታ መሃል ስክሪፕት ያለው ሞድ አላወጣም። ፕለጊኑን ብታወጡትም ስክሪፕቱ ሴቩ ውስጥ ተቀብሮ ይቀራል። ሞድ የምሞክረው በተለየ ፕሮፋይል ነው። ከዋናው ሜኑ ኮንሶሉን (ትእዛዝ መጻፊያውን) ከፍቶ በአንድ ትእዛዝ ቀጥታ ዋይትረን ደጃፍ መድረስ ይቻላል፤ መግቢያውን የጋሪ ጉዞ በየጊዜው ማየት አያስፈልግም። ጥቂት ሞድ እጨምራለሁ፣ እዞራለሁ፣ ከገበያው ወደ ቤተ መንግሥቱ ገብቼ እወጣለሁ። ሰላም ከሆነ ወደሚቀጥለው ቡድን። ሃምሳውን ባንዴ ጭኖ ክራሽ መፈለግ የሚያዝናናው ሰው ካለ መብቱ ነው።

አዲስ አበባ ሆኖ በሞባይል ዳታ ለሚያወርድ አንድ ነገር ልጨምር። ትልልቅ የቴክስቸር ሞዶች ብዙ ጊጋባይት ይበላሉ። እኔ እነሱን ለሌሊት ጥቅል ነው የማቆያቸው። የወረደውን ዚፕ ደግሞ ሞዱን ከጫንኩ በኋላ አላጠፋም። ሞድ ኦርጋናይዘር የራሱ ዳውንሎድ ፎልደር አለው፤ እሱን እንዳለ ውጫዊ ሃርድ ዲስክ ላይ እገለብጣለሁ። አንዳንድ ሞድ ባለቤቱ ሞዶች ከሚገኙበት ድረ ገጽ ከኔክሰስ ሲሰውረው ወይም አዲሱ ቨርዥን ከድሮው ጌም ጋር አልሄድ ሲል ያች ዚፕ ወርቅ ናት።

ፓቼን በተመለከተ፣ አንድ ትልቅ ፓች መሥራት ትቻለሁ። ፓች ከየትኛው ሞድ ሬከርድ እንደወሰደ ያ ሞድ ማስተሩ ይሆናል፤ ከሃያ ሞድ የወሰደ ፓች አንዱ ቢወጣበት አይከፈትም። አሁን አንዱ ለሰዎች፣ አንዱ ለመሣሪያ፣ አንዱ ለሴሎች ነው። ሦስቱም ላይት ስለሆኑ ሙሉ ቦታ አይበሉም። ሉት እንዳያንቀሳቅሳቸው ከሁሉም በኋላ እንዲሆኑ ሕግ ሰጥቼዋለሁ። ሞድ ኦርጋናይዘር ላይ ከየሞዱ ስም አጠገብ ማስታወሻ መጻፊያ ዓምድ አለ፤ «መሣሪያ ፓች ውስጥ አለ» ብዬ እጽፍበታለሁ። ሞዱ አፕዴት ሲኖረው የትኛውን ፓች ከፍቼ እንደማይ ያኔ አይጠፋኝም።