ከራሴ አድራሻ የተላከልኝ ማስፈራሪያ

ኮምቦልቻ በሚገኝ አንድ የግንባታ ዕቃ አስመጪ ድርጅት ውስጥ የሂሳብ ሠራተኛ ነኝ፤ በድርጅቱ ስም የተከፈተልኝን ኢሜይል በየቀኑ እጠቀማለሁ። አብዛኛውን ጊዜ የሚደርሰኝ የዋጋ ማቅረቢያ፣ የባንክ ማስታወቂያና የጭነት ሰነድ ነው። አንድ ቀን ግን ላኪውም ተቀባዩም የእኔው አድራሻ የሆነ መልእክት ደረሰኝ። በእንግሊዝኛ የተጻፈ ሲሆን፣ ጸሐፊው ኮምፒውተሬን ከተቆጣጠረው ወራት እንደተቆጠሩ፣ የብልግና ገጽ ስመለከት በካሜራዬ እንደቀረጸኝ፣ በ48 ሰዓት ውስጥ 1,200 ዶላር በቢትኮይን ካልላክሁለት ደግሞ ቪዲዮውን ለማውቃቸው ሁሉ እንደሚበትነው ይገልጻል። ማስረጃ ብሎ ያቀረባቸው ነገሮች ሁለት ነበሩ፤ አንደኛው መልእክቱ ከራሴ አድራሻ መላኩ ሲሆን፣ ሁለተኛው በርእሱ ላይ የተጻፈውና በእርግጥም በአንድ ወቅት እጠቀምበት የነበረው የይለፍ ቃል ነው።

የይለፍ ቃሉን ሳየው ደነገጥሁ፤ ይህን መካድ አልፈልግም። ሆኖም ደብዳቤውን ቀስ ብዬ ስደግመው የተናገረው ነገር ከፊቴ ካለው ዕቃ ጋር እንደማይገጥም አስተዋልሁ። ይህን አድራሻ የምከፍትበት የቢሮ ኮምፒውተር ዴስክቶፕ ነው፤ ካሜራ ኖሮት አያውቅም። ጸሐፊው የእኔን ስም፣ የሥራዬን ዓይነት፣ የምኖርበትን ከተማም ሆነ ቪዲዮውን እልክላቸዋለሁ ካላቸው ሰዎች የአንዱን እንኳ ስም አልጠቀሰም። ኮምፒውተሬ ውስጥ ለወራት የተቀመጠ ሰው ቢያንስ ኮምቦልቻ እንደምገኝ ሳያውቅ አይቀርም ነበር።

ቀጥሎ የመልእክቱን ሙሉ ራስጌ አወጣሁ። ጂሜይል የሚጠቀም ሰው ከመልእክቱ ጎን ያሉትን ሦስት ነጥቦች ተጭኖ ‹ሾው ኦሪጂናል› የሚለውን ሲመርጥ መልእክቱ በየትኛው ሰርቨር በኩል እንደመጣና የላኪው ማንነት ተፈትሾ ምን ውጤት እንደተገኘ ያያል። በእኔው መልእክት ላይ ኤስፒኤፍ (ሰርቨሩ በዚያ አድራሻ ስም እንዲልክ የተፈቀደለት መሆኑን የሚፈትሸው) ከሚለው ፊት ለፊት ‹ፌይል›፣ ማለትም ወድቋል የሚል ተጽፎ ነበር፤ የተነሣበት ሰርቨርም ከድርጅታችን ጋር ምንም ግንኙነት የሌለው ነው። ኢሜይል ሲፈጠር ላኪው በ‹ፍሮም› መስመር ላይ የፈለገውን አድራሻ እንዲጽፍ የሚያግደው ነገር አልነበረም፤ ኤስፒኤፍ፣ ዲኬአይኤምና ዲማርክ የሚባሉት መፈተሻዎች በኋላ የተጨመሩ ናቸው፤ በአግባቡ ባልተስተካከሉበት ድርጅት ኢሜይል ላይም የተጭበረበረ አድራሻ እስከ ገቢ ሳጥን ድረስ ሊዘልቅ ይችላል። በእኛ ሥራ ወደ መጋዘን የገባ መኪና በጎኑ ላይ የማንም ድርጅት ስም ቢጻፍበት ዕቃውን የምንረከበው የጉምሩክ ዲክላራሲዮኑን አይተን እንጂ የመኪናውን ጎን አንብበን አይደለም፤ ራስጌውም ለኢሜይል እንደዚያው ነው። ለማንኛውም ብዬ የመግቢያ ታሪኬንም ተመለከትሁ፤ ከማውቀው መሣሪያና ቦታ ውጭ የገባ ሰው አልነበረም፤ መልእክቶቼን ወደ ሌላ አድራሻ የሚያስተላልፍ ትእዛዝም አልተቀመጠም።

የቀረው የይለፍ ቃሉ ነበር፤ ከደብዳቤው ውስጥ እውነት የሆነውም እሱ ብቻ ነው። የኢሜይሌ ሳይሆን ከዓመታት በፊት በዚሁ አድራሻ በተመዘገብሁበት አንድ የውጭ ድረ ገጽ የተጠቀምሁበት ቃል ነው። እንዲህ ያለው ቃል እንዴት ከማያውቀን ሰው እጅ እንደሚገባ ለመረዳት በይፋ የሚታወቁትን ስርቆቶች ማየት ይበቃል። እ.ኤ.አ. በ2012 ከሊንክድኢን የተሰረቀው መረጃ በ2016 ለሽያጭ ሲወጣ ከ160 ሚሊዮን በላይ አካውንቶችን የያዘ ነበር፤ የይለፍ ቃሎቹም በደካማ ዘዴ የተመሰጠሩ ስለነበሩ አብዛኞቹ በቀላሉ ተፈቱ። ከዚህና ከመሰል ስርቆቶች የተሰበሰቡት ዝርዝሮች እየተባዙ ይሸጣሉ፤ ከ2018 አጋማሽ ጀምሮ ደግሞ የድሮ የይለፍ ቃል እየጠቀሱ ቢትኮይን የሚጠይቁ ደብዳቤዎች በብዛት መላክ ጀመሩ። ቼክ ፖይንት የተባለው የደህንነት ኩባንያ በ2019 ይፋ እንዳደረገው ፎርፒክስ የሚባለው የተጠለፉ ኮምፒውተሮች መረብ በሰዓት እስከ 30,000 የሚደርስ እንዲህ ያለ ደብዳቤ ይልክ ነበር። ይህን የሚልከው ፕሮግራም ነው፤ የተቀባዩን ፊት ያየ ሰው በመካከሉ የለም።

አድራሻዬን ትሮይ ሀንት የተባለው አውስትራሊያዊ ባለሙያ እ.ኤ.አ. በ2013 በመሠረተው፣ አንድ አድራሻ ከተሰረቁ ዝርዝሮች ውስጥ መኖር አለመኖሩን በሚያሳየው ‹ሃቭ አይ ቢን ፖንድ› በተባለ ድረ ገጽ ላይ ሳስገባ ከአንድ የስርቆት ዝርዝር ውስጥ መኖሩን አረጋገጥሁ። ስለዚህ ምላሽ የሚያስፈልገው ለደብዳቤው ሳይሆን ለይለፍ ቃሉ ነው ብዬ ወሰንሁ። ያን ቃል ወይም የእሱን ዘመድ የሚመስል ቃል የያዙ አካውንቶቼን በሙሉ ቀየርሁ፤ ኢሜይሌን፣ ቴሌግራሜንና ፌስቡኬን በባለሁለት ደረጃ ማረጋገጫ አጠናከርሁ። ለላኪው አንዲት ቃል አልመለስሁም፤ መልስ መስጠት አድራሻው ሰው ያለበት መሆኑን ከማሳወቅ በቀር ጥቅም የለውም። ‹ቪዲዮውን እዚህ ታገኘዋለህ› የሚል ማስፈንጠሪያ ወይም አባሪ ያለበት ደብዳቤ ደግሞ የባሰ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ2018 መጨረሻ ይህን ሰበብ አድርገው ጋንድክራብ የተባለውን ፋይል ቆላፊ ቫይረስ ያሠራጩ ነበሩ።

ይህ ሁሉ ለእኔ በአንድ ከሰዓት በኋላ ያለቀ ጉዳይ ነው። የበለጠ የተማርሁት ደሴ ፒያሳ አካባቢ የጽሕፈት መሣሪያ ሱቅ ያላቸው፣ ዕቃ ከእኛ ጋር የሚያስጭኑ አንድ ሐጂ ተመሳሳይ ደብዳቤ ደርሷቸው ሲደውሉልኝ ነው። በስልክ ሊነግሩኝ ስላልፈለጉ የሐረጎን ዳገት ወጥቼ ሱቃቸው ድረስ ሄድሁ። ደብዳቤውን ለልጆቻቸው እንኳ አላሳዩም ነበር።

‹‹ልጄ፣ እንዲህ ያለ ነገር አላህ ያውቃል አላየሁም፤ ግን ዝም ብዬ ብከፍለውስ? ቢትኮይን የሚሸጥ ልጅ በቴሌግራም አግኝቻለሁ›› አሉኝ።

‹‹አብሽሩ ሐጂ፤ ካላዩት ምን ቪዲዮ አለው?››

‹‹ባይኖርስ፣ ወሬው አንዴ ከወጣ ማን ያምነኛል?››

እውነቱን ለመናገር ለዚህ ጥያቄ ቶሎ መልስ አላገኘሁም። ደብዳቤው የሚሠራው በጥፋተኞች ላይ ብቻ ይመስለኝ ነበር፤ ለካስ ስሙን አክብሮ የኖረ ሰው ከማንም በላይ ይፈራዋል። በራስጌና በሰርቨር ላስረዳቸው ብሞክር እንደማይሆን ስለገባኝ የእኔን ደብዳቤ ከስልኬ አውጥቼ ከእሳቸው ጎን አስቀመጥሁት። አንዱ ሌላውን ቃል በቃል ይመስላል፤ የተለየው የይለፍ ቃሉ፣ የገንዘቡ መጠንና የቢትኮይን አድራሻው ብቻ ነው። ሁለቱም ላይ በአንድ ቦታ አንድ ዓይነት የፊደል ግድፈት አለ። ሐጂ እንግሊዝኛውን እየቆጠሩ በጣታቸው መስመር በመስመር ሲያስተያዩ ቆዩና፣ ‹‹ታዲያ ይሄ ሰው እኔንም አንተንም ባንድ ቀን ቀረጸን?›› ብለው ሳቁ።

ክፍያውን በተመለከተ ግን ሳቁ ከመጣ በኋላም ቁም ነገር ነበረን። የኢትዮጵያ ብሔራዊ ባንክ እ.ኤ.አ. በሰኔ 2022 ባወጣው መግለጫ የአገሪቱ ሕጋዊ መገበያያ ብር ብቻ መሆኑንና በክሪፕቶ፣ ማለትም እንደ ቢትኮይን ባለ ዲጂታል ገንዘብ መገበያየት ሕገ ወጥ መሆኑን አስታውቋል፤ በቴሌግራም የተገኘ የማይታወቅ ሻጭም ብሩን ተቀብሎ ሊሰወር ይችላል። የከፈለ ሰው ደግሞ ሁለተኛ ደብዳቤ የማይመጣበት ምክንያት የለም። ደብዳቤው ገንዘቡ ዱካ የለውም ቢልም የቢትኮይን ዝውውር ለማንም ክፍት በሆነ መዝገብ ላይ ይሰፍራል፤ ስለዚህ አድራሻውን ገልብጠን ስንፈልገው ቼይንአቢዩዝ በሚባለው የጥቆማ ገጽ ላይ ሌሎች ተቀባዮች ቀድመው አስመዝግበውት አገኘነው። ሁልጊዜ ግን እንዲህ አይገጥምም፤ ላኪዎቹ አድራሻ ስለሚቀያይሩ አለመመዝገቡ ደብዳቤውን እውነተኛ አያደርገውም።

እንዲህ ያለውን የጅምላ ደብዳቤ ከእውነተኛ ማስፈራሪያ መለየት ግን ያስፈልጋል፤ ሁሉንም ‹ውሸት ነው፣ ሰርዘው› ማለት ሰው ይጎዳል። በፌስቡክ ወይም በቴሌግራም የተዋወቀ ሰው በእርግጥ የተላከለትን ፎቶ ይዞ፣ የቤተሰብን ስም እየጠራ ገንዘብ ከጠየቀ ነገሩ ሌላ ነው። በዚያ ጊዜም አለመክፈል ይሻላል፤ ንግግሩን ግን ማጥፋት አይገባም፤ የአካውንቱን ስም፣ የተላኩትን መልእክቶች፣ የክፍያ አድራሻውንና ሰዓቱን በስክሪንሾት ይዞ ወደ ፖሊስ መሄድ ይገባል። የኮምፒዩተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 አንቀጽ 13 ጽሑፍ፣ ምስል ወይም ቪዲዮ በኮምፒዩተር ሥርዓት በማሠራጨት ሰውን ወይም ቤተሰቡን ከባድ ጉዳት ይደርስባችኋል ብሎ ማስፈራራትን እስከ ሦስት ዓመት ቀላል እስራት፣ ከባድ ሲሆን እስከ አምስት ዓመት ጽኑ እስራት ያስቀጣል። ምስሉ ይሠራጫል የሚል ስጋት ካለ ‹ስቶፕ ኤንሲአይአይ› የተባለው አገልግሎት ፎቶውን ሳይቀበል፣ በባለቤቱ ስልክ ላይ የዲጂታል አሻራውን ብቻ አውጥቶ ከእሱ ጋር ለሚሠሩ የማኅበራዊ መገናኛ ኩባንያዎች ያስተላልፋል፤ እሱ ግን ዕድሜያቸው 18 ለሞላ ነው። በፎቶው ላይ ያለው ልጅ 18 ዓመት ሳይሞላው የተነሣ ከሆነ ‹ቴይክ ኢት ዳውን› የሚባለው በተመሳሳይ መንገድ ይሠራል፤ ስምም አይጠይቅም።