አዲሱን ናታራጃ አሮጌ አስመስዬ ያጣኋቸው ሰባት ቀናት

ከደቡብ ሕንድ የነሐስ ምስል አሠርቶ ወደ አገሩ ለመውሰድ የሚያስብ ሰው ካለ፣ ቀብድ ከመክፈሉ በፊት ይህን እንዲያነብልኝ እፈልጋለሁ። ለሁለተኛ ዲግሪ ሕንድ በቆየሁባቸው ሁለት ዓመታት ከትምህርቴ የተረፈኝን ጊዜ የአገሩን ሥነ ጥበብ ለማወቅ ሳውለው ቆይቼ፣ ወደ አዲስ አበባ ከመመለሴ በፊት አንድ ናታራጃ፣ ማለትም በእሳት ቀለበት ውስጥ የሚጨፍረውን የሂንዱ አምላክ ሺቫን፣ በዓይኔ እያየሁ ለማሠራት ወሰንኩ። ባለሙያው የሚገባውን ሁሉ አድርጎ ሠራልኝ። ያበላሸሁት እኔ ነኝ፤ ያንገላቱኝ ደግሞ ሌሎች ናቸው፤ ሁለቱንም እጽፋለሁ።

መንገዱ አያስቸግርም። ከቼናይ እስከ ኩምባኮናም በባቡር፣ ከዚያ ጥቂት ኪሎ ሜትር በባጃጅ ተጉዤ በካቬሪ ወንዝ አጠገብ ወደምትገኘው ስዋሚማላይ ደረስኩ። በዚህች ከተማ ስታፓቲ የሚባሉት የነሐስ ሠሪዎች ደቡብ ሕንድን ይገዙ በነበሩት በቾላ ነገሥታት ዘመን ያበበውን ሙያ ከአባት ወደ ልጅ እያስተላለፉ እስከ ዛሬ ይሠሩበታል። በሦስተኛው የገባሁበት ቤት ተስማማሁ። ቁመቱ 38 ሳንቲሜትር እንዲሆን ተነጋገርን፤ ግማሹን ከፈልኩ።

ከዚያ በፊት ግን አንድ ነገር አሳስቶኝ ነበር። የጉዞ መምሪያዎች መጀመሪያ በቼናይ ኤግሞር የሚገኘውን ሙዚየምና በታንጃቩር ቤተ መንግሥት ያለውን የነሐስ ስብስብ ጎብኙ ይላሉ፤ እኔም እንደተባልኩት አደረግሁ። በታንጃቩር፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር (ከዚህ በኋላ ያሉት ዓመታትም እንደዚሁ ናቸው) በ1011 የተሠራ አንድ ሺቫ አለ። ሲሠራ በኮርማው ላይ ክንዱን አሳርፎ ነበር፤ ኮርማው ጠፍቷል፤ ክንዱ ግን አሁንም በባዶ አየር ላይ እንደተደገፈ ነው። ጣቶቹ የኮርማው ጀርባ እዚያው እንዳለ ያህል ዘና ብለዋል። ከፊቱ አንድ ሰዓት ያህል ቆምኩ። የነሐሱ መጥቆር፣ የሺህ ዓመቱ ጊዜ፣ የጎደለው ኮርማ ሁሉ ተደማምረው ልቤን ወሰዱት፤ ከዚያ የወጣሁት ውበት ማለት እርጅና ነው ብዬ አምኜ ነው።

የእኔ ምክር ከመምሪያዎቹ ተቃራኒ ነው። መጀመሪያ ማታ በአምልኮ ሰዓት ወደ ቤተ መቅደስ ሂዱ፤ ወደ ውስጠኛው ክፍል ሂንዱ ያልሆነ ሰው የማይገባባቸው ብዙ ስለሆኑ በር ላይ ጠይቁ፤ ሙዚየሙ ከዚያ በኋላ ይድረስ። ለዑደት የሚወጡት የነሐስ ምስሎች በወተት ይታጠባሉ፣ ሐር ይለብሳሉ፣ በአበባ ጉንጉን ይሸፈናሉ፤ ከዚያ ሁሉ መካከል በደንብ የሚታየው ፊታቸው ነው። ምእመኑ የሚመጣው ለማየት ብቻ ሳይሆን ለመታየትም ነው፤ ይህንን መተያየት ዳርሻን ይሉታል። ስለዚህም ለቤተ መቅደስ በሚሠራ ምስል ላይ የመጨረሻው ሥራ ዓይኑን በወርቅ መሮ መክፈት ነው። በመስታወት ውስጥ ራቁቱን የቆመው ጥቁር ነሐስ ግን ከዚህ ሁሉ ተነጥሎ የቀረ ነው። እኔ ያን ነጠላ መልክ ሙሉው መስሎኝ ወደ ስታፓቲው ቤት ይዤው ሄድኩ።

አዛውንቱ ሥራውን የጀመሩት ሜትር በማውጣት አልነበረም። ከኮኮናት ቅጠል ቀጭን ክር መሳይ ነገር ሰንጥቀው በምስሉ ቁመት ልክ ቆረጡትና በጣታቸው ደጋግመው አጣጠፉት፤ ከዚያ በኋላ የፊቱም፣ የአንገቱም፣ የጭኑም ልክ ከዚያ ቅጠል እጥፋት ይነበብ ነበር። ለሺቫ የተመደበው ልኬት ቁመቱን 124 እኩል ቦታ የሚከፍል በመሆኑ፣ ምስሉ ስንዝር ቢሆን ወይም ሁለት ሜትር ለእርሳቸው ልዩነት አልነበረውም። ከዚያ ከንብ ሰም፣ ከዛፍ ሙጫና ከዘይት የተቀላቀለውን ሰም እያሞቁ ሦስት ሳምንት ሠሩበት። ሰሙ የካቬሪን ደለል ተቀባ፣ በላዩ ሌላ ሸክላ ተደረበበት፣ ደርቆ እሳት ላይ ሲቀመጥ ሰሙ ቀልጦ ወጣ፤ የቀለጠው ነሐስ በቦታው ገባ። እኛ ሰምና ወርቅ እያልን ስንማር ሰሙን እንደሚጣል ሽፋን፣ ወርቁን እንደ ቁም ነገሩ አድርገን ነው የያዝነው። እዚያ ግን ድካሙ ሁሉ ያለው ሰሙ ላይ ነው፤ በሰም ያልተሠራች ጣት በነሐስ አትገኝም።

እኔ ወርቁን ብቻ ፈላጊ ነበርኩና አንድ ቀን ያጠናሁትን ዘረዘርኩላቸው። ከበሮው መፍጠር፣ እሳቱ ማጥፋት፣ የተዘረጋው መዳፍ መጠበቅ፣ የተነሣው እግር ጸጋ፣ ከእግሩ ሥር የተረገጠው ድንክ ድንቁርና ነው አልኳቸው። በልጃቸው አስተርጓሚነት የጠየቁኝ አንድ ነገር ብቻ ነው፤ «ፊቱንስ አየኸው?» አላየሁትም ነበር። ጸጉሩ በግራና በቀኝ ይበተናል፣ መታጠቂያው ይወረወራል፣ እሳቱ ይዞራል፤ ፊቱ ግን እንደ ረጋ ውኃ ነው። ዝርዝሬ ውስጥ ያልነበረው ይህ ፊት ነው፤ ሌላው ሁሉ የሚዞረውም በእርሱ ዙሪያ ነው።

ሕንዳውያን የጥበብን ደስታ ራሳ ይሉታል፤ ቃሉ ጭማቂ፣ ጣዕም ማለት ነው፤ እኛም «ጣዕመ ዜማ» የምንለው ሰዎች ስለሆንን ቃሉ ለጆሯችን እንግዳ አይደለም። ከሺህ ዓመት በፊት በካሽሚር የኖረው አቢናቫጉፕታ የተባለ ፈላስፋ እንደሚያስተምረው፣ ይህ ጣዕም የሚገኘው ተመልካቹ የራሱን ጉዳይ፣ የራሱን ናፍቆትና ጥቅም ወደ ጎን ሲተው ነው። ይህን አንብቤው ነበር፤ በፈተና ወረቀትም ላይ ጽፌዋለሁ። ነሐሱ ተወልውሎ እንደ ጧት ፀሐይ ሲያበራ ግን የተናገርኩት፣ «አሮጌ አስመስሉልኝ፤ ሙዚየም ውስጥ እንዳየሁት ጥቁርና አረንጓዴ ይሁን» የሚል ነበር።

አዛውንቱ እምቢ አሉ። «አሁን በተወለደ ልጅ ራስ ላይ ሽበት ትቀባለህ?» አሉኝ። በእነርሱ ዘንድ ጉዳት የደረሰበት ምስል ለአምልኮ ስለማይሆን ለውኃ እንደሚሰጥ፣ ማርጀት ለምስል ክብሩ እንዳልሆነ አስረዱኝ። እኔ ግን ገንዘብ የከፈለ ሰው ነኝና ጸናሁ። በማግስቱ ልጃቸው በኬሚካልና በአፈር አስረጅቶ ሰጠኝ፤ ደረሰኙም ላይ በእንግሊዝኛ «አንቲክ ፊኒሽ»፣ ማለትም አሮጌ እንዲመስል የተቀባ፣ ብሎ ጻፈበት።

ያቺ «አንቲክ» የምትል ቃል ሰባት ቀን አስከፈለችኝ።

በአውሮፕላን ማረፊያው የጉምሩክ ባለሥልጣኑ ሻንጣዬን አስከፍቶ ምስሉን አወጣና ደረሰኙን ጠየቀኝ። ሰጠሁት። ጣቱን በቃሏ ላይ አሳርፎ ቀና ብሎ አየኝ። «ፊኒሽ» የሚለውን እንዲያነብ፣ ከደለሉ ጀምሮ አሠራሩን በስልኬ ያነሳሁትን ፎቶግራፍ እንዲያይ ለመንኩት፤ ስልኬን ለመያዝ እንኳ እጁን አልዘረጋም። በ1972 በወጣው ሕግ መሠረት 100 ዓመት የሞላው የጥበብ ሥራ ከሕንድ በግለሰብ እጅ አይወጣም፤ አዲስ ሥራ ግን አልተከለከለም። ጥርጣሬ ከተነሣ አዲስ መሆኑን የሚመሰክር ማስረጃ ከሚመለከተው መሥሪያ ቤት መቅረብ አለበት፤ ያን ወረቀት እንድይዝ የመከረኝ አንድም ሰው አልነበረም። የሸጠልኝ ቤት ደረሰኝ ይበቃል ብሎኛል፤ ያማከርኩት የጭነት ወኪልም ይበቃል ብሎኛል። አውሮፕላኔ ሄደ። ምስሉን ስለመያዛቸው ወረቀት እንዲሰጡኝ ከሦስት ሰዓት በላይ ቆሜ መጠየቅ ነበረብኝ።

የባሰው ከዚያ በኋላ መጣ። ማስረጃውን የሚሰጠው ቢሮ «ዕቃውን ሳናይ አንጽፍም» አለኝ። ዕቃውን የያዙት ደግሞ «ማስረጃ ሳናይ አንለቅም» አሉኝ። በአንዱና በሌላው መካከል አራት ቀን ተመላለስኩ፤ አንዱ ቀን በዓል ነበር፣ ሌላውን ቀን ፈራሚው አልገባም። የትምህርት ቪዛዬ ሊያልቅ የቀረው ጥቂት ቀን ነበር። እያንዳንዱ ሠራተኛ የራሱን መስመር ያውቃል፤ ሁለቱ መስመሮች እንደማይገናኙ የሚያውቀው ግን ባለጉዳዩ ብቻ ነው። በመጨረሻ አንዲት የመዝገብ ቤት ሠራተኛ፣ ቢሮው ባለሙያ እንዲልክ በደብዳቤ መጠየቅ እንደሚቻል ነገረችኝ። ይህንን በመጀመሪያው ቀን፣ በመጀመሪያው መስኮት ሊነግረኝ የሚገባ ሰው ነበር፤ እስከ ዛሬ ያናድደኛል።

ጥንቃቄያቸው ምክንያት የለውም አልልም። ስዋሚማላይ ባለችበት በታሚል ናዱ ግዛት ከሚገኘው የስሪፑራንታን ቤተ መቅደስ የተሰረቀ የቾላ ናታራጃ በ2008 ለአውስትራሊያ ብሔራዊ የሥነ ጥበብ ጋለሪ በ5 ሚሊዮን ዶላር ተሽጦ፣ የተመለሰው በ2014 ነው። እዚያው ታሚል ናዱ ካለችው ፓቱር የተዘረፈው ሌላ ናታራጃ የተመለሰው ለንደን ውስጥ ከተካሄደ ረጅም ክርክር በኋላ በ1991 ነው። ቅርሱ የተዘረፈበት አገር ልጅ ስለሆንኩ ይህ ይገባኛል፤ የእኛም የመቅደላ ዕቃዎች እስካሁን ሙሉ በሙሉ አልተመለሱም። እኔም ሳላውቀው ያደረግሁት የሌቦቹን ገበያ የሚመስል ነገር ነው፤ አሮጌን የሚያስወድድ ዓይን ባይኖር እነዚያ ሁለቱ ከመቅደሳቸው ባልወጡ ነበር።

ባለሙያው በስድስተኛው ቀን መጡ። ምስሉን ገልብጠው መቀመጫውን በትንሽ ባትሪ አበሩበት፣ በጥፍራቸው አረንጓዴውን ሲፍቁት ከሥሩ ቢጫ ነሐስ ብቅ አለ። ሁለት ደቂቃ አልፈጀም። «ማነው ይህን የቀባው?» ሲሉኝ እኔ እንዳስቀባሁት ነገርኳቸው። ምንም አልመለሱልኝም። በማግስቱ ማስረጃው ታተመ።

ስለዚህ ሕጉ አዲስ ሥራ ማስረጃ አያስፈልገውም ቢልም፣ እኔ የምለው ማስረጃውን ትኬት ከመቁረጣችሁ በፊት አውጡ ነው። የሠሪውን ስም፣ የተሠራበትን ቀንና ክብደቱን ደረሰኙ ላይ አስጽፉ፤ በሰም ላይ እያለ የተነሣ ፎቶግራፍ አሳትማችሁ ያዙ፤ «አንቲክ» የምትል ቃል የትም እንዳትጻፍ። ከሁሉ በላይ የተወለወለውን እንደተወለወለ ተቀበሉ።

አዲስ አበባ ከገባሁ በኋላ በየእሑዱ በሎሚና በለስላሳ ጨርቅ ስፈትገው ቆየሁ። አዲስ ስለሆነ ጉዳት የለውም፤ በእውነተኛ ቅርስ ላይ ግን ይህን ማንም እንዳያደርግ። መጀመሪያ የጠራው ፊቱ ነው፤ ከዚያ የተነሣው እግር። አሁን ጧት መስኮቱ ሲከፈት ብርሃኑ ግንባሩ ላይ ያርፋል። ከእሳቱ ቀለበት ጀርባ ጣቴ በማይደርስበት ጥግ ግን አረንጓዴው አሁንም አለ።