ስድስተኛው ቀጠሮ

ዛሬ ከአፈጻጸም ችሎት ስድስተኛ ቀጠሮ ይዤ ተመለስኩ። ደንበኛዬ ባለቤታቸውን በሞት ያጡ አዛውንት ሲሆኑ፣ የቤታቸው ካርታ በስማቸው እንዲዞር ፍርድ ቤቱ አንድን መሥሪያ ቤት ካዘዘ ዓመት ከመንፈቅ ሞላው። መሥሪያ ቤቱ ይግባኝ አልጠየቀም፤ እግድም አላመጣም። በእነዚህ ሁሉ ወራት «አንፈጽምም» የሚል አንድ ደብዳቤ እንኳ አልጻፈልንም፤ ቢጽፍልን ኖሮ ሥራዬ ምንኛ በቀለለ!

ትዕዛዙ የት እንደደረሰ ለማወቅ ባለፈው ወር መዝገብ ቤታቸው ሄጄ ፋይሉን ለአፍታ እንዳየው ተፈቅዶልኝ ነበር። የትዕዛዙ ኅዳግ በምሪት ተሞልቷል፤ በሰማያዊ እስክሪብቶ «በሕጉ መሠረት ተጣርቶ ይፈጸም»፣ ከሥሩ በጥቁር «ለሕግ ክፍል፤ አስተያየት ይቅረብበት»፣ ጎኑ ላይ ደግሞ በቀይ «ተነጋግሩበት» ይላል። የፍርድ ቤት ትዕዛዝ አስተያየት የሚቀርብበት ረቂቅ መሆኑን ያን ቀን ተማርኩ። ከአንዱ ፊርማ እስከ ቀጣዩ ሰባት ሳምንት ፈጅቷል፤ ፈራሚዎቹ ግን በአንድ ኮሪደር ፊት ለፊት የሚተያዩ ቢሮዎች ውስጥ ነው የሚቀመጡት።

የ1996ቱ የወንጀል ሕጋችን በአንቀጽ 449 ሥራው ላይ ያለን ችሎት ወይም ዳኛ የሰደበ፣ ያፌዘበት፣ ያስፈራራ ወይም ያወከ ሰው እስከ አንድ ዓመት በሚደርስ ቀላል እስራት ወይም ከ3,000 ብር በማይበልጥ መቀጮ እንደሚቀጣ ይደነግጋል። ዛሬ ጠዋት በችሎት መካከል ስልኩ የጮኸበት አንድ ባለጉዳይ ይህን አንቀጽ አንብቦት ይሁን አይሁን አላውቅም፤ ስልኩን ሲያጠፋ ግን እጁ ይንቀጠቀጥ ነበር። ከእሱ ፈቀቅ ብሎ የተቀመጠው የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ፣ ለስድስተኛ ጊዜ «በሂደት ላይ ነው» ሊል የመጣው ሰው፣ ስልኩን አስቀድሞ አጥፍቶ፣ ከረባቱን አስተካክሎ፣ ዳኛዋ ሲገቡ ከሁላችን ቀድሞ ተነሣ። በዚህ ሰው ምግባር ላይ አንዳች ድፍረት ፈልጎ ማግኘት አይቻልም።

ከዚህ ሰው ጋር ባለፈው ቀጠሮ ቡና ስንጠጣ አንድ የእንግሊዝ ጉዳይ አጫውቼው ነበር። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1991 አንድ የዛየር ጥገኝነት ጠያቂ ከአገር ሲባረር ዳኛ ወደ እንግሊዝ እንዲመለስ ቢያዝም፣ የአገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስትሩ ኬኔት ቤከር የመመለሻውን ዝግጅት አሰረዙ፤ በ1993 ያኔ የአገሪቱ የመጨረሻ ፍርድ ቤት የነበረው የጌቶች ምክር ቤት ሚኒስትሩ በሹመታቸው ፍርድ ቤት ደፍረዋል ሲል ወሰነ። በግል አልተቀጡም፤ ጥፋቱ የተመዘገበው በወንበሩ ላይ ነው። ነገረ ፈጁ ስኒውን አስቀምጦ ሳቀና፣ «እኛ ዘንድ ወንበሩም አይመጣ፣ ሰውየውም አይመጣ፤ የምመጣው እኔ ነኝ» አለኝ። ተበሳጭቼበት የነበረው ንዴት ያኔ ትንሽ በረደልኝ፤ በሌላ ሰው ፊርማ ስድስት ጊዜ መቆምም ይከብዳል።

የመሥሪያ ቤቱ ኃላፊ በፖሊስ ተይዘው እንዲቀርቡ የሚጠይቅ አቤቱታ ጽፌ ቦርሳዬ ውስጥ ከያዝኩ ሁለት ወር ሆኖኛል። ያላቀረብኩት አዛውንቷ ስለከለከሉኝ ነው። ሰነዶቻቸውን የቋጠሩበትን ፌስታል እያጠበቁ፣ «ልጄ፣ ሰውየውን እንዳታሳስርብኝ፤ ነገ ካርታዬ ላይ የሚፈርመው እሱ አይደል?» አሉኝ። ሕግ ስማር እንዲህ ያለ መከራከሪያ አልገጠመኝም፤ መልስም አላገኘሁለትም። ስለዚህ ከስድስቱ ቀጠሮዎች ቢያንስ የመጨረሻዎቹን ሁለት ያራዘምኩት እኔው ነኝ ማለት ነው።

ዛሬ ዳኛዋ እኔ ሳልጠይቅ፣ ኃላፊው ራሳቸው ቀርበው ያልፈጸሙበትን ምክንያት እንዲያስረዱ፣ ባይቀርቡ ግን ተይዘው እንዲቀርቡ እንደሚታዘዝ ገልጸው መጥሪያ እንዲወጣ አደረጉ። መጥሪያውን ለአለቃው የሚያደርሰው ያው ነገረ ፈጅ ነው። ፈርሞ ሲረከብ በትከሻው በኩል አየሁት፤ ኅዳጉ ገና ባዶ ነበር።