ጄሲካ በሺር፦ ሁለት አገር፣ አንድ ጫት

እናቷ ሜክሲኳዊት፣ አባቷ ኢትዮጵያዊ፣ ያደገችው ሐረር። ጄሲካ በሺር ስለ ጫት የሠራችውን ዘጋቢ ፊልም «ፋያ ዳዪ»ን (2021) ወደ ሐረር እየተመላለሰች 10 ዓመት ያህል በጥቁርና ነጭ ቀረጸችው፤ ካሜራውን የያዘችውም ራሷ ናት። አፋን ኦሮሞ፣ ሐረሪና አማርኛ ይሰማበታል።

ፊልሙ ዝግ ያለ ነው። ጫቱ ግን ጊዜ አይሰጥም! የሚያነቃቃው ንጥረ ነገር ካቲኖን ቅጠሉ ሲጠወልግ ደከም ወዳለው ካቲን ይለወጣል፤ ከተቆረጠ ከ48 ሰዓት ገደማ በኋላ ጫቱ ኃይሉን ያጣል። ለዚህ ነው ቆራጩም፣ አሳሪውም፣ ሹፌሩም የሚጣደፈው፤ እስሩም እርጥበቱ እንዳያመልጥ በቅጠል ይጠቀለላል።

«ታሪኩ የት አለ?» የሚል ተመልካች አይፈረድበትም። እሷ ግን ካሜራዋን ያቆመችው ምርቃናው ውስጥ ነው፤ ጭሱ፣ ዝየራው፣ ለመሰደድ የሚያስበው ልጅ ሁሉ በዚያ ፍዝዝ ባለ ሰዓት ይታያሉ።