ማሰሪያ አንቀጹ የት ገባ?

«አማርኛ ለዚህ ሥራ ገና አልደረሰም» የሚለው ንግግር እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል። የተናገረው ሰው ፓይተን በተባለው የኮድ መጻፊያ ቋንቋ የሰው ሠራሽ አስተውሎት መተግበሪያ መሥራት ሊያስተምረን ደብረ ብርሃን ድረስ የመጣ አሠልጣኝ ነው። ሙያውን ያውቃል፤ ይህን አልክድም። የፈረደው ግን ሳያነብ ነው።

የምንሠራው የልማት ጣቢያ ሠራተኞች ስለ በግ ጤና በስልካቸው ጠይቀው ከመመሪያዎቻችን መልስ የሚያገኙበትን መተግበሪያ ነበር። አሠራሩ የታወቀ ነው፦ መመሪያው ይቆራረጣል፤ ቁራጩ ሁሉ ወደ ቁጥር ይለወጣል፤ ጥያቄ ሲመጣ ለጥያቄው የሚቀርቡት ቁራጮች ተፈልገው መልሱን ለሚጽፈው የሰው ሠራሽ አስተውሎት፣ ለሞዴሉ፣ ይሰጡታል፤ ሞዴሉም ከእነርሱ ተነሥቶ ይመልሳል። ለመንዝ በግ አርቢ ይህ ቅንጦት አይደለም። ረግረግ ላይ ሲግጥ የጉበት ትል የያዘው በግ ባለሙያ ከወረዳ እስኪደርስ አይጠብቅም።

በሙከራው ቀን አንድ ባልደረባችን «በጌ በአውራ በግ ከተጠቃች ሁለት ሳምንቷ ነው። የጉበት ትል ይዟታል፤ አልቤንዳዞል ልስጣት?» ብሎ ጻፈ። መተግበሪያው «አዎ፣ ይሰጣታል» አለ፤ የመመሪያችንንም ገጽ በምንጭነት ጠቀሰ። መድኃኒቱ በመጀመሪያው የእርግዝና ወር ፅንስ እንደሚጎዳ የእንስሳት ጤና ባለሙያ ሁሉ ያውቃል። መመሪያችንም በግልጽ ይከለክላል።

አሠልጣኙ ቴምፕሬቸር የሚባለውን፣ የሞዴሉ መልስ ምን ያህል እንደሚለዋወጥ የሚወስነውን መለኪያ ዜሮ አድርጎ ደግሞ ሞከረ። ያው መልስ መጣ። ያን ጊዜ ነው ሞዴሉ አማርኛ ስለማይችል መመሪያዎቹ በሙሉ ወደ እንግሊዝኛ ይተርጎሙ ብሎ የደመደመው።

ከኋላ የተቀመጡ አንዲት እናት ነበሩ፤ በመንዝና በጣርማ በር ገጠር ለብዙ ዓመታት ከብትና በግ ሲያክሙ የኖሩ። ኮድ አይጽፉም። «ለማሽኑ የተሰጠውን ጽሑፍ እስቲ አሳዩኝ» አሉ። አትሜ ሰጠኋቸው። በጣታቸው መስመሩን እየተከተሉ፣ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው አነበቡ፦ «አልቤንዳዞል በጉበት ትል ለተያዘች፣ ከተጠቃች ግን ገና አንድ ወር ላልሞላት በግ»። ጣታቸው እዚያ ላይ ቆመ። ከዚያ በኋላ ወረቀቱ ባዶ ነው።

«ማሰሪያ አንቀጹ የት ገባ?»

«ሌላኛው ቁራጭ ውስጥ ይሆናል፣ እትዬ።»

«እንግዲያው ማሽኑ ምን አጠፋ፣ ልጄ? ‘አይሰጥም’ የሚለውን ቆርጣችሁ አስቀርታችሁበት! አማርኛ እሺታውንም እምቢታውንም የሚናገረው መጨረሻ ላይ ነው።»

እንዲህ ያለ ትክክለኛ ምርመራ በዚያ ሥልጠና ከማንም አልሰማሁም። ጽሑፉን የሚቆራርጠው ኮድ ከሥልጠናው መልመጃ እንዳለ የተወሰደ፣ ለእንግሊዝኛ ሰነድ የተዘጋጀ ነበር። የዐረፍተ ነገርን መጨረሻ የሚያውቀው በእንግሊዝኛው ነጠላ ነጥብ ነው። አራት ነጥብን አያውቀውም፤ ስለዚህ በመመሪያችን ውስጥ አንድም መጨረሻ ሳያገኝ በፊደል ቁጥር ብቻ ይጎምደው ነበር። በእንግሊዝኛ ክልከላው ቀድሞ ስለሚመጣ ጅራቱ ቢቆረጥም ብዙ ጊዜ ይተርፋል። በእኛ ቋንቋ ጅራቱ ፍርዱ ነው።

ማስተካከያው ጥቂት መስመር ነበር፦ በአራት ነጥብ ላይ ብቻ ቁረጥ፣ የፊተኛውን ቁራጭ የመጨረሻ ዐረፍተ ነገር ለተከታዩም ድገምለት። ያው ሞዴል፣ ያው ጥያቄ፤ መልሱ «አይሰጣትም» ሆነ።

የአሠልጣኙን ሐሳብ ሊደግፍ የሚችል ነገርም አለ። ኮምፒውተር ፊደላትን በሚያስቀምጥበት ዩቲኤፍ-8 በተባለው ሥርዓት አንድ የእንግሊዝኛ ፊደል 1 ባይት (የማከማቻ መለኪያ) ሲወስድ አንድ የግእዝ ፊደል 3 ባይት ይወስዳል፤ ብዙ ሞዴሎችም ተመሳሳይ ሐሳብ ያለውን የአማርኛ ጽሑፍ ከእንግሊዝኛው ይልቅ ወደ ብዙ ቶክን፣ ማለትም ሞዴሉ ጽሑፍን ወደሚያነብባቸው ትንንሽ ቁርጥራጮች፣ ይበታትኑታል። ክፍያው በቶክን ስለሆነ በአማርኛ መሥራት ይወደዳል። ስለ ዋጋ ቢያነሣ ኖሮ አብሬው እቆም ነበር። የዋጋ ጉዳይ ግን ለተሳሳተው መልስ ምክንያት አይሆንም።

በሥልጠናው ማጠቃለያ ሪፖርት ላይ «በሞዴሉ የቋንቋ ድክመት የተፈጠረ ችግር ተስተካክሏል» ተብሎ ተጻፈ። የእትዬ ስም የለበትም። እንዲታረም በደብዳቤ ጠየቅሁ፤ መልስ አልመጣም። ጥያቄያቸውን ከነማዕረጋቸውና ከነስማቸው በኮዱ ውስጥ፣ ከመቁረጫው መስመር በላይ፣ በማስታወሻነት አስፍሬዋለሁ፤ ኮዱን የሚከፍት ሁሉ ያነበዋል።

አሁን አዲስ መመሪያ ስናስገባ ቁራጮቹን መጀመሪያ የሚያነቡት እርሳቸው ናቸው። በቅርቡ ደግሞ የመድኃኒት መጠን ሠንጠረዡ ተበትኖ የአንዱ የክብደት መጠን ከሌላው መድኃኒት ጋር መጣበቁን አገኙ። እርሱን ገና አልፈታነውም፤ እስኪፈታ ድረስ መተግበሪያው የመጠን ጥያቄ እንዳይመልስ ዘግተነዋል።