በትንሽ ገንዘብ አስፈሪ ፊልም ስሠራ የተማርኩት

ፊልም መጀመር የሚፈልግ ሰው ሲያገኘኝ መጀመሪያ የሚጠይቀኝ ስለ ካሜራ ነው። እኔ ደግሞ «በነጻ የምትቀርጽበት ቤት አለህ ወይ?» ብዬ እጠይቀዋለሁ። የፊልም ወጪ የሚወሰነው ገና ስክሪፕቱ ሲጻፍ ነዋ።

የመጀመሪያ ፊልሜን ከመጻፌ በፊት ያለኝን ሁሉ ወረቀት ላይ አሰፈርኩ። ባዶ ቤት፣ ትወና የሚችሉ ጥቂት ጓደኞች፣ አሮጌ መኪና፣ የቅዳሜና እሁድ ጊዜ። ታሪኩ ከዚያ እንዳይወጣ ተጠነቀቅኩ። አብዛኛው ትዕይንት ሌሊት ነው፤ ጨለማ ዲኮር አይጠይቅም።

አስፈሪ ፊልም ነፍሴ ነው። ለኪሰ ባዶ ዳይሬክተርም ይመቻል። ተመልካቹ የሚመጣው ሊደነግጥ ስለሆነ ዝነኛ ተዋናይ ካላየሁ አይልም። አሜሪካዊው ዳይሬክተር ሮጀር ኮርማን እ.ኤ.አ. በ1960 የወጣ አንድ ፊልሙን በአብዛኛው በሁለት ቀን ቀርጾ ጨርሷል። ከሌላ ፊልም የተረፈ ዲኮር ሳይፈርስ ስላገኘ ነው። እኔም ያደረግኩት ይህንኑ ነው፤ በእጄ ካለው ነገር ተነሳሁ።

ከሁሉም በላይ ገንዘቤን ያፈሰስኩት ድምፅ ላይ ነው። ምስሉ ደብዘዝ ቢል ተመልካች ይታገሣል፤ እንዲያውም የበለጠ ይፈራል። ንግግሩ ካልተሰማው ግን ጥሎ ይሄዳል። ስለዚህ ቀረጻ ሊጀመር ሲል ድምፁ እንዳይገባ ፍሪጁ ይነቀላል። የመኪናዬን ቁልፍ እዚያው ፍሪጅ ውስጥ አስቀምጣለሁ፤ መልሼ ሳልሰካው እንዳልሄድ። ክፍሉን ከመልቀቃችን በፊት ደግሞ ሁሉም ባለበት ዝም ብሎ ይቆማል፤ የድምፅ ባለሙያው የክፍሉን ጸጥታ ይቀዳል። ኤዲቲንግ ላይ ንግግር ተቆርጦ ሲቀጠል ክፍተቱን የሚሞላው እሱ ነው።

ፊልሙ ውስጥ ሰው ሁሉ የሚያነሳልኝ ትዕይንት አለ። የሚታየው የተዘጋ በር ብቻ ነው። ከበሩ ጀርባ አጥንት ሲሰበር ይሰማል። ድምፁን የሠራነው ጥሬ ካሮት በእርጥብ ፎጣ ጠቅልለን፣ ማይኩን አስጠግተን፣ ቀስ እያልን በመስበር ነው። ጉዳቱን በዓይኔ አየሁ ብለው የተከራከሩኝ ተመልካቾች አሉ።

ለሠራተኞቹ በቂ ክፍያ አልነበረኝም። ትኩስ ምግብና የተከበረ ሰዓት ግን ነበረኝ። ለፍቅር ብሎ የመጣን ሰው ከተባለው ሰዓት በላይ ማቆየት ነውር ነው።

ወረቀት ላይ ግን ድርቅ እላለሁ። ጓደኛም ይሁን ዘመድ፣ ውል ሳይፈርም ካሜራ ፊት አይቆምም። «በእኔና በአንተ መካከል ወረቀት?» ብሎ ቅር ያለው ነበር። አከፋፋይ ስናገኝ ግን ቀድሞ የተጠየቅነው እሱኑ ነው። የስክሪፕቱ መብት የማን ነው? ሙዚቃው ተፈቅዷል? ተዋንያኑ ፈርመዋል? እ.ኤ.አ. በ1968 የአሜሪካዊው ዳይሬክተር የጆርጅ ሮሜሮ የመጀመሪያ ረጅም ፊልም ሲወጣ አከፋፋዩ ርዕሱን ቀየረ፤ በዚያው መብቱ የማን እንደሆነ የሚገልጸው ጽሑፍ ከፊልሙ ላይ ቀረ። በጊዜው በነበረው የአሜሪካ ሕግ ፊልሙ የሕዝብ ንብረት ሆነ። ማንም እያባዛ፣ ለሠሪዎቹ ሳይከፍል ሸጠው። ያንን ሁሉ ሰው ያስፈራ ፊልም ነው እንግዲህ!

ሌላው፣ ሙዚቃውንና የአካባቢውን ድምፅ ከንግግሩ ለይቶ ማስቀመጥ ነው። የፊልሙን ንግግር በሌላ ቋንቋ ድምፅ ሊተካ የሚፈልግ ገዢ ይህን ይጠይቃል። በኋላ ልሥራው ቢሉ ወጪው ከባድ ነው፤ ኤዲቲንጉ ክፍት እያለ ግን ብዙ አያደክምም።

ከመጀመሪያው ፊልም ያገኘሁት ገንዘብ ወጪውን ሸፍኖ ትንሽ ተረፈ። ሁለተኛው ሲወጣ ግን ገዢው የመጀመሪያውንም አብሮ ፈለገ። ገዢዎች በጥቅል መግዛት ይወዳሉ። እኔም የምፈርመው በዓመታት ለተገደበ ውል ብቻ ነው። ጊዜው ሲያልቅ መብቱ ወደ እኔ ይመለሳል፤ ያንኑ ፊልም ለሌላ አከፋፋይ እንደገና እሸጠዋለሁ።