መሐንዲሱን ገጣሚ በወል ቤት እንዴት እንደመለስኩት

አሊ መሐሙድ ጣሃ ግብፃዊ ነው። የሕንፃ መሐንዲስ ነበር። ገጣሚም ነበር፣ ተርጓሚም። ሦስቱንም ሃምሳ ባልሞላ ዕድሜ ሠርቶ አለፈ። እኔም ሳይት ላይ የምውል መሐንዲስ ስለሆንኩ መጀመሪያ የሳበኝ ሙያው ነው፤ ግጥሙ የያዘኝ በኋላ ነው። ከሥራዎቹ አንዱን በወል ቤት፣ በተለመደው የአማርኛ ግጥም ምት፣ ወደ አማርኛ መልሼ ለወዳጆቼ ካነበብኩ ወዲህ «እንዴት አድርገህ ነው?» የሚለኝ ሰው በዛ። እንግዲህ እንዲህ ነው። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

ዐረብኛዬ ከሁለት ቦታ የተለቃቀመ ነው። ፊደሉን በልጅነቴ ወሎ ውስጥ ቁርአን ቤት ቆጠርኩ። ንግግሩን ደግሞ ኤምሬትስ ውስጥ ከፌሮ ሠራተኛውና ከፎርማኑ ጋር ስጯጯህ ለመድኩ። ሁለቱ ዐረብኛዎች እምብዛም አይተዋወቁም። የግጥም ዐረብኛ ደግሞ ሦስተኛ ነው።

ግብፆች ሳይት ላይ መሐንዲስ የሆነን ሁሉ «ባሽ ሙሃንዲስ» ይሉታል። አንድ ግብፃዊ ሰርቬየር ግጥም እንደምወድ ሲሰማ «ያ ባሽ ሙሃንዲስ፣ የሙያህ ሰው አለልህ» አለኝና መኪናው ውስጥ መሐመድ አብዱል ዋሃብ ያቀነቀነውን የአሊን «አል ጎንዶል» ከፈተልኝ። ጎንዶል የቬኒስ ጀልባ ነው፤ ግጥሙም ስለ ከተማዋ ካርኒቫል ነው። ረጅም ነው። ሰርቬየሩ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ በቃሉ ያውቀዋል። ግብፅ ውስጥ አሊን «የጎንዶሉ ገጣሚ» ይሉታል፤ ያን ቀን ለምን እንደሆነ ገባኝ።

ወደ ትርጉሙ ከመግባቴ በፊት ሕይወቱን አነበብኩ። ይህን ቅደም ተከተል ለማንም እመክራለሁ። አሊ የተወለደው በ1901 መንሱራ ነው፤ አባይ ወደ ደምያጥ በሚወርድበት ቅርንጫፍ ላይ ያለች ከተማ ናት። በ1924 ከተግባረ ዕድ ትምህርት ቤት በሕንፃ ምህንድስና ተመርቆ ወጣ። ለብዙ ዓመታት የመንግሥት መሐንዲስ ሆኖ ሠራ። በኋላ ከፖለቲከኞች ጋር ተዋወቀና በፓርላማው ሥራ አገኘ። በ1938 አውሮፓን ዞረ፤ ጎንዶሉን ያመጣው ከዚያ ነው። በ1949 ሞተ።

መንሱራ በ1920ዎቹ መጨረሻ የሚገርም ከተማ ነበረች። ሐኪሙ ገጣሚ ኢብራሂም ናጂ እዚያ ይሠራ ነበር። ሳሌህ ጀውደትና አል ሐምሸሪ ገና ወጣት ገጣሚዎች ነበሩ። እነዚህ ሰዎች ከአሊ ጋር ተገናኝተው የእንግሊዝና የፈረንሳይ ሮማንቲክ ገጣሚዎችን ያነቡ ነበር። በ1932 ካይሮ ውስጥ «አፖሎ» የሚባለው የገጣሚዎች ማኅበር ሲቋቋምም መሥራቹ አህመድ ዘኪ አቡ ሻዲ እንዲሁ ሐኪም ነበር፤ ሰውዬው በዚያ ላይ ንብ ያረባል። በዚያ ዘመን ግጥም መጻፍ የሙሉ ቀን ሥራ አልነበረም። «ሥራ በዝቶብኝ እንጂ እጽፍ ነበር» ለምንለው ለእኛ ትንሽ የሚያሳፍር ነው።

የመጀመሪያው የግጥም መድበሉ «የጠፋው መርከበኛ» በ1934 ወጣ። እውነቱን ልንገራችሁ፣ መሐንዲስ ነው ብዬ ድልድይና ሲሚንቶ እየፈለግኩ ነበር ያነበብኩት። የለም። ባሕር፣ ሌሊት፣ ወይን፣ ሴት፣ መርከብ ነው ያለው። ምህንድስናው ያለው አሠራሩ ላይ ነው። ይህን እንዳይ የረዳኝ ኢራቃዊቷ ገጣሚ ናዚክ አል መላኢካ በ1960ዎቹ ስለ እሱ ግጥሞች የጻፈችው መጽሐፍ ነው። እሷ ራሷ የዐረብኛን የግጥም ቤት አፍርሰው አዲስ ከሠሩት አንዷ ናት። ስለዚህ የእሱን ግድግዳ የምትመረምረው እንደ ባለሙያ ነው።

ከመድበሉ የመረጥኩት የራሱን ግጥም ሳይሆን የተረጎመውን ነው። የፈረንሳዊው ገጣሚ የላማርቲን «ሐይቁ» ነው። አንዳንዱ «ለምን ጎንዶሉን አልመረጥክም?» ይለኛል። ጎንዶሉን ሰው የሚያውቀው በዜማው ነው። «ሐይቁ» ላይ ግን መሐንዲሱ፣ ገጣሚውና ተርጓሚው አንድ ገጽ ላይ ተቀምጠዋል። የሌላ ሰው ቤት አፍርሶ በራሱ አገር ድንጋይ ሲሠራ ታዩታላችሁ።

የግጥሙ ታሪክ አጭር ነው። ላማርቲን በ1816 ኤ ሌ ባ በምትባል የፍል ውሃ ከተማ ጁሊ ሻርል የምትባል የታመመች ሴት ያገኛል። በዓመቱ እዚያው በቡርዤ ሐይቅ ዳር ሊገናኙ ይቀጣጠራሉ። እሷ በሕመም ትቀራለች። እሱ ብቻውን ሐይቁ ዳር ተቀምጦ ይጽፋል። ብዙ ሰው የሙሾ ግጥም ይመስለዋል፤ ግን ሲጽፈው በሕይወት ነበረች። የሞተችው በዚያው ዓመት በ1817 መጨረሻ ነው። ይህን ማወቄ የአማርኛውን ድምፅ ለወጠው። ሙሾ አላደረግኩትም። የሚጠብቅ ሰው ድምፅ እንዲሆን ጣርኩ።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልምጣ፤ ወደ ቆጠራው። የፈረንሳይኛው ዋና ስንኝ አሥራ ሁለት ቀለም (በአንድ ትንፋሽ የሚባል የድምፅ ቁራጭ፣ ሲላብል) አለው፣ ስድስተኛው ላይ ይከፈላል። አሊ የመረጠው የዐረብኛ ምት «ኸፊፍ» ይባላል። የስንኙ ግማሽ ሦስት እግር (የምት ክፍል) አለው፣ በየእግሩ በአብዛኛው አራት ቀለም፤ ሲደመር አሥራ ሁለት። የእኛ ወል ቤትስ? ስድስት ሲደመር ስድስት። ሦስቱም አሥራ ሁለት! ይህን ወረቀት ላይ ሳሰላ ፖርታ ካቢኑ ውስጥ ብቻዬን ሳቅኩ። በጋ ነበር። ኤምሬትስ ከጁን 15 እስከ ሴፕቴምበር 15 ከቀኑ 6፡30 እስከ 9፡00 ሰዓት ፀሐይ ላይ ማሠራት ክልክል ነው፣ ሳይቱ ጭር ይላል። አብዛኛውን ትርጉም የሠራሁት በዚያ ሰዓት ነው።

ቁጥሩ አንድ ይሁን እንጂ መቁረጫው ይለያያል። ዐረብኛው በአራት በአራት ይራመዳል፤ በዚያ ላይ ረጅምና አጭር ቀለም ይለያል። ፈረንሳይኛውና ወል ቤቱ ግን መሃል ላይ ትንፋሽ ይወስዳሉ። ስለዚህ አሊ ምቱን ለውጦ መሥራት ነበረበት። ለእኔ ቤቱ ተሠርቶ ነው የጠበቀኝ። «ቀለም መቁጠር ስሜት ይገድላል» የሚሉኝ አሉ። አርማታ ያለ ካሳፎርማ ይፈሳል እንጂ አይቆምም፤ እኔ በዚህ አልከራከርም።

አሊ መግቢያውን ሰፋ አድርጎ ነው የዘረጋው። ፈረንሳይኛው በአራት ስንኝ ጠይቆ ያልፋል። አሊ ዳርቻዎቹን አንድ በአንድ በዓይናችን ፊት ያሳልፋቸዋል። እኔ ተቃራኒውን አደረግኩ፣ ጠበብ አደረግኩት፦

ሌሊቱ አያልቅም፣ ዳርቻውም አይታየን፤
በዘመን ባሕር ላይ መልሕቅ ላንጥል አንድ ቀን?

ብዙ ነገር ቀርቷል፤ አውቃለሁ። ግን ወል ቤት ሲረዝም ይደክማል። ሁለት ስንኝ ተናግሮ ዝም ማለት ይወዳል።

ቤት መምታቱ ላይ ለራሴ አንድ ሕግ አወጣሁ፦ ሁለት የአሉታ ግሥ አላጋባም። «አይመጣም» ብሎ «አይቀርም» ማለት ለማንም ቀላል ነው። አንድ ገጽ ሙሉ «ም» ሲደረደር ግን እንደ መሥሪያ ቤት ማስታወቂያ ይሆናል። ሕጉን የምጠብቀው ከስንኞቹ አንዱን በስም በመጨረስ ነው። ከላይ «ቀን» መጨረሻ ላይ የገባው ለዚህ ነው። ዓረፍተ ነገሩን መገለባበጥ ይጠይቃል፣ ጆሮ ግን ይወደዋል።

ሌላው ጥያቄ ማንን ነው የምተረጉመው የሚለው ነው። ላማርቲንን ወይስ አሊን? ቁርጥ ያለ ውሳኔ ያስፈልጋል፤ አለበለዚያ የማንም ያልሆነ ነገር ይወጣል። እኔ ከአሊ ጎን ቆምኩ። ፈረንሳይኛው ለማመሳከር ብቻ ነው። ፈረንሳይኛ አቀላጥፋ የምትናገር ሊባኖሳዊት አርክቴክት አብራን ትሠራለች፤ እሷ ታነብልኛለች፣ እኔ ትንፋሹ የት እንደሚያርፍ ምልክት አደርጋለሁ። ለምሳሌ በፈረንሳይኛው መግቢያ አራተኛው ስንኝ ስድስት ቀለም ብቻ ነው፣ ተቆርጦ ይቀራል። በአማርኛ ሞከርኩት። ሰሚው ቀሪውን ግማሽ ይጠብቃል፤ ገጣሚው የረሳው ይመስለዋል። አሊም አልተጠቀመበትም። እኔም ተውኩት።

ከሁሉ የጠቀመኝ ጮክ ብሎ ማንበቡ ነው። እሁድ ቡና ላይ የአገር ልጆች ስንሰበሰብ አነበብኩ። ከመሃላችን መንዙማ የሚያወርዱ አንድ ሐጂ አሉ። ወሎዬ ናቸው፤ እነ ሸህ ጦልሃ ጀዕፈር አማርኛ መንዙማ በዐረብኛ ፊደል ከጻፉበት አገር። እሳቸው ፈረንሳይኛ አያውቁም፣ ላማርቲንንም አልሰሙም። ጉልበታቸውን እየመቱ ያዳምጣሉ። እጃቸው የቆመበትን ስንኝ ሁሉ ምልክት አደረግኩበት። አንድ ቦታ ላይ «ኧረ ልጄ፣ እዚህ ላይ አደናቀፍከን» አሉኝ። ቆጠርኩት፤ አሥራ ሁለት ነው። «ሐጂ፣ ቁጥሩ እኮ ልክ ነው» አልኳቸው። «ቁጥሩን ተወው፣ ቃሉ መሃል ላይ ተሰብሯል» አሉ። እውነትም አንዱ ቃል ስድስተኛውን ቀለም ተሻግሮ ነበር። በጣቴ ስቆጥር አይታይም፤ በእሳቸው ጉልበት ግን ይሰማል። ከዚያ ወዲህ ምንም ነገር ለእሳቸው ሳላነብ ጨርሻለሁ አልልም።

አሁን የያዝኩት አሊ በ1941 ያሳተመውን የስድ ንባብ መጽሐፍ ነው። ስለ ፈረንሳውያኑ ገጣሚዎች ስለ ቬርሌንና ስለ ቦድሌር የጻፈበት፣ የተረጎማቸውን ግጥሞችም ያካተተበት ነው። ስድ ንባብ ስለሆነ ይቀላል ብዬ ነበር፤ አልቀለለም፣ ምክንያቱም የአሊ ዓረፍተ ነገሮች ስድም ሆነው ይንጎራደዳሉ። ጎንዶሉንም አልተውኩትም። አዝማቹን ብቻ በሰንጎ መገን፣ በአምስት አምስት ቀለም ሞክሬዋለሁ። ሰርቬየሩ አማርኛ ባያውቅም ዜማውን እያንጎራጎረ አብሮኝ ይለካል፤ ሁለተኛው ስንኝ ላይ እስካሁን አልገጠመልንም።